«አጥንት ቆጥሮ ማን በላ?»

ጥያቄ፦ የባዮሎጂ ተማሪ ነኝ፤ በዚህ ዓመት እመረቃለሁ። ልቤ ያለው ግን ጥንታዊ መቃብርና አጽም ማጥናት ላይ ነው። ቤተሰቦቼ «አጥንት ቆጥሮ ማን በላ?» ይሉኛል። ሙያው ሥራ ያስገኛል? አዲስ ዲግሪ ከዜሮ ልጀምር?

መልስ፦ እህቴ፣ የቤተሰቦችሽ ጥያቄ ተገቢ ነው፤ እመለስበታለሁ። መጀመሪያ ግን ስለ ሥራው እናውራ። ብዙ ሰው የሚወደው የሥራውን ፎቶ ነውና።

መቃብር ሲከፈት የሟቹ ሕይወት ቁልጭ ብሎ የሚወጣ ይመስላል። ግን ሟች ራሱን አይቀብርም። ሰይፉን አጠገቡ ያኖሩት፣ ዶቃውን ያሰሩለት፣ በጎኑ ያስተኙት በሕይወት የቀሩት ናቸው። ስለዚህ የመቃብር ዕቃ የሚነግረን ቀባሪዎቹ ስለ ሟቹ ምን እንዲታሰብ እንደፈለጉ ነው። ምን እንደበላ፣ ምን እንዳመመው፣ የት እንዳደገ የሚናገረው አጥንቱ ነው። ሁለቱ ሁልጊዜ አይስማሙም።

በስዊድን ቢርካ የሆነውን ተመልከቺ። እ.ኤ.አ. በ1878 አንድ የ10ኛው ክፍለ ዘመን መቃብር ተቆፈረ። ሰይፍ፣ መጥረቢያ፣ ጦር፣ ጋሻና ሁለት ፈረሶች ወጡ። በቃ፣ «ወንድ ተዋጊ» ተባለ። ከመቶ ዓመት በላይም እንዲሁ ተጻፈ። በ2017 የወጣው የዲኤንኤ ውጤት ግን አጽሙ የሴት ነው አለ። ወዲያው ሌላ ክርክር ተነሣ፦ በእርግጥ ተዋጊ ነበረች ወይስ መሣሪያው የማዕረግ ምልክት ነው? ዲኤንኤው ጾታዋን እንጂ ሥራዋን አልነገረንም።

አሁን ወደ ጥርስ ልውሰድሽ፤ እኔን ከሁሉም የሚገርመኝ እሱ ነው። ኢናሜል የሚባለው የጥርስ ሽፋን በልጅነት አንዴ ይሠራል፤ ከዚያ ራሱን አያድስም። ልጁ ክፉኛ ቢራብ ወይም ቢታመም የሽፋኑ ዕድገት ይስተጓጎላል፤ ሲያገግም ይቀጥላል። የተስተጓጎለበት ቦታ እንደ ቀጭን አግድም ቦይ ሆኖ ይቀራል። በጥፍር ሲዳሰስ የሚታወቅም አለ። ቦዩ ያለበትን ቦታ አይቶ ልጁ በስንት ዓመቱ ገደማ እንደተጎዳ መገመት ይቻላል።

እንግዲህ ልፈትንሽ። የሁለት ልጆች አጽም ቀረበልሽ። የአንዱ ጥርስ ሦስት ቦይ አለው፣ የሌላው ምንም የለውም። የትኛው ተመችቶት ኖረ? «ቦይ የሌለው» ለማለት አትቸኩዪ። ባለ ቦዩ ሦስቴ ተጎድቶ ሦስቴ የተረፈ ነው። ሌላው የመጀመሪያው በሽታ ምልክት እንኳ ሳይተው የወሰደው ሊሆን ይችላል። በ1992 ይህ ሐሳብ በጽሑፍ ሲቀርብ ሙያውን አናግቶት ነበር፤ ዛሬም ያከራክራል። ጥያቄው እንቅልፍ የሚነሳሽ ከሆነ ቦታሽ ይኸው ነው።

ከዜሮ አትጀምሪም። ባዮሎጂ ጥሩ መነሻ ነው፤ ሁለተኛ ዲግሪሽን በባዮአርኪዮሎጂ (ከቁፋሮ የወጣ የሰው አጽም ጥናት) ወይም በአካላዊ አንትሮፖሎጂ (የሰው አካል አፈጣጠርና ለውጥ ጥናት) ያዢ። የአዋቂ ሰው አጥንት 206 ነው፤ ሁሉንም ከነግራ ቀኙ ልመጂ፣ ስብርባሪውን ጭምር። ከመሬት ሙሉ ሆኖ የሚወጣ ትንሽ ነው። ስታቲስቲክስ አትዝለይ። ቢያንስ አንድ ወቅት ቁፋሮ ላይ ዋይ። አብዛኛው ቀን በለስላሳ ብሩሽ ማጽዳት፣ መለካትና መመዝገብ ነው፤ እሱ ካሰለቸሽ አሁኑኑ ብታውቂው ይሻላል።

ሌላው ከሰው ጋር መነጋገር ነው። በ1991 በኒውዮርክ የመንግሥት ሕንፃ ሊሠራ ሲቆፈር የአፍሪካውያን የቀብር ቦታ ተገኘ። ብዙዎቹ በባርነት የኖሩ ነበሩ፤ ከ400 በላይ አጽም ወጣ። ቁፋሮው በጥቁር አሜሪካውያን ተቃውሞ ቆመ። ጥናቱም የጥቁሮች ታሪካዊ ዩኒቨርሲቲ ወደሆነው ሃዋርድ ተዛወረ። ከባድ ሸክም የጎዳው አጥንትና ሞርደው የቀረጹት ጥርስ ብዙ ተናገሩ። በ2003 ሁሉም በክብር ተመልሰው ተቀበሩ። አጥንቱ ላንቺ ናሙና ነው፤ ለሌላው አያቱ ነው።

ወደ ቤተሰቦችሽ ልመለስ። እውነቱን ለመናገር የዩኒቨርሲቲ ቦታ ጥቂት ነው፣ ፉክክሩም ከባድ ነው። ግን ሙዚየም አለ፣ ግንባታ ከመጀመሩ በፊት የሚካሄድ ቁፋሮ አለ፣ ፎረንሲክም፣ ማለትም ለፍትሕና ለምርመራ የሚሠራ የአጽም ምርመራ፣ አለ። በአርጀንቲና በ1984 የተቋቋመው የፎረንሲክ አንትሮፖሎጂ ቡድን በወታደራዊው አገዛዝ ዘመን የጠፉ ሰዎችን አጽም ለይቶ ለቤተሰቦቻቸው ያስረክባል። ዕውቀቱ ያው ጥርስና ዳሌ ማንበብ ነው። እናትሽን ይህን ንገሪያት፤ ስለ ቢርካ ከምታወሪላት ይልቅ ይገባታል።

ማመልከቻሽን ስትጽፊ «ከልጅነቴ ጀምሮ አጥንት ይማርከኛል» ብለሽ አትጀምሪ፤ ሁሉም እንደዚያ ነው የሚለው። ከላይ ላነሣሁት የሁለቱ ልጆች ጥያቄ መልሱን በምን ማስረጃ እንደምትፈልጊው በአንድ ገጽ ጻፊና ላኪልኝ። አብረን እናስተካክለዋለን።