ብረቱ ሳይቀልጥ እንዴት ይበራል?

ጥያቄ፦ ሰበታ ብረት በያጅ ነኝ። ሻይ ቤት ስለ ክሩዝ ሚሳኤል ስንከራከር አንዱ «ሃይፐርሶኒኩ ሲበር እሳት ነው» አለ። ታዲያ እንዴት አይቀልጥም? ከተራው በምን ይለያል?

መልስ፦ ወንድሜ፣ ጥያቄህ የበያጅ ነው፤ ወድጄዋለሁ። ተራው ክሩዝ ሚሳኤል አብራሪ የሌለው ትንሽ ጄት ነው። ክንፍ አለው፤ አየር እየሳበ ነዳጅ ያቃጥላል። ቶማሃውክ በሰዓት 880 ኪሎ ሜትር ገደማ ቢበር ነው፤ ከመንገደኛ አውሮፕላን አይበልጥም። ጉልበቱ ዝቅ ብሎ መብረሩ ላይ ነው። ራዳር ከተራራ ጀርባ አያይም።

ሃይፐርሶኒክ የሚባለው ከድምፅ አምስት እጥፍ ሲፈጥን ነው፤ በሰዓት 6,000 ኪሎ ሜትር ገደማ። ከአዲስ አበባ ድሬዳዋ አራት ደቂቃ አይሞላም! ጣጣው እዚህ ነው። ብዙ ሰው ሙቀቱ ከመፋተግ ብቻ የሚመጣ ይመስለዋል። ዋናው ግን አየሩ መሸሻ አጥቶ ፊት ለፊት መታመቁ ነው። የብስክሌት ጎማ ስትነፋ ፓምፑ ይሞቅ የለ? እሱው ነው፣ በብዙ እጥፍ።

ወደ ብረቱ ስንመጣ፣ በ1967 እ.ኤ.አ. በሰዓት 7,274 ኪሎ ሜትር የበረረው የአሜሪካው የሮኬት አውሮፕላን ኤክስ-15 ገላው ኢንኮኔል የሚባል ሙቀት የሚችል የኒኬል ቅይጥ ነበር። ያም ሆኖ ከሆዱ ስር ያለው ትንሽ ክንፍ በሙቀት ተበሳስቶ ነው የተመለሰው። ስለዚህ ጓደኛህ ብዙም አልዋሸም።

ሞተሩ ደግሞ ሌላ ራስ ምታት ነው። አየሩ ከድምፅ ፈጥኖ እያለፈ ነዳጁ መቀጣጠል አለበት። ኤክስ-43ኤ የተባለው ሰው አልባ መሞከሪያ በ2004 እ.ኤ.አ. ከድምፅ ዘጠኝ እጥፍ በላይ ፈጠነ። ሞተሩ የነደደው ግን 10 ሰከንድ ያህል ብቻ ነው።