መልስ፦ ሚሲሲፒ አፍ ከደረሱ በኋላ ለምን ዘገዩ?

እ.ኤ.አ. በ1785 አካዲያውያንን (እንግሊዞች ከዛሬዋ ካናዳ ምሥራቃዊ ጠረፍ ያባረሯቸውን የፈረንሳይ ዘሮች) ከፈረንሳይ ወደ ሉዊዚያና የወሰዱት ሰባት መርከቦች ውቅያኖሱን ጨርሰው ሳለ ኒው ኦርሊንስ ለመግባት ለምን እንደዘገዩ ለጠየቁት፦

ምክንያቱ ወንዙ ራሱ ነው። ሚሲሲፒ ከባሕሩ ሲቀላቀል ተሸክሞት የመጣውን ደለል አፉ ላይ ይጥለዋል፤ ደለሉም ተከምሮ ከውኃ በታች ጉብታ ይሆናል። ስለዚህ መርከቡ በወንዙ አፍ በነበረው የመርከብ መሪዎች ሰፈር በላ ባሊዝ መልህቅ ጥሎ መተላለፊያውን የሚያውቅ መሪ ይጠብቅ ነበር። ቪል ዳርካንጀል የተባለው ትልቁ መርከብ እዚያው ደለል ላይ ተቀርቅሯል፤ ያውም ስንቁ አልቆ፣ ሰዉ ታሞ። በጣም የሚያሳዝነው ይኼ ነው፤ የብሱን እያዩ መራብ።

ጉብታው ከታለፈም 160 ኪሎ ሜትር ገደማ ወንዝ ይቀራል፣ ያውም ሽቅብ። የእንግሊዞች መታጠፊያ የሚባለው ቦታ ደግሞ የባሰ ነው፦ ወንዙ ስለሚጠመዘዝ እስከዚያ ከኋላ ሲገፋ የነበረው ነፋስ ፊት ለፊት ይመጣል። ወንዙ ጠባብ ስለሆነ ግራና ቀኝ እየተመላለሱ ነፋስን መቃረን አስቸጋሪ ነው። ያለው ምርጫ ነፋሱ እስኪዞር መጠበቅ፣ ወይም በጉልበት መሳብ ነው። ጀልባ ገመድ ይዞ ወደፊት ይቀዝፍና ዳር ካለ ዛፍ ጋር ያስረዋል፤ መርከበኞቹ ገመዱን እየጠቀለሉ መርከቡን ወደ ዛፉ ይስቡታል፤ ከዚያ ሌላ ዛፍ፣ ሌላ ገመድ።

ከሰባቱ አንዱ የሆነው ቦን ፓፓ ሜይ 10 ከፈረንሳይ ተነስቶ ኒው ኦርሊንስ የገባው ጁላይ 29 ነው። የመርከቦቹን ፍጥነት ስታነጻጽሩ ላ ባሊዝ የደረሱበትን ቀን ከተማው ከገቡበት ለዩት።