አምስት ጀግና በ24 ገጽ፦ ከፊልሙ በፊት የሚወጣውን ኮሚክ ልቀበል?

ጥያቄ፦ «ሥዕል ተምሬ ከተመረቅሁ ሁለት ዓመት ሆነኝ። እስካሁን የሠራሁት የልጆች መጻሕፍት ሥዕልና ትንንሽ ማስታወቂያ ነው። አሁን የሱፐርሂሮ ፊልም እየሠሩ ያሉ ሰዎች አንድ ሥራ አቀረቡልኝ። ከፊልሙ በፊት የሚወጣ ባለ 24 ገጽ ኮሚክ ነው። አምስቱ ጀግኖች እንዴት ቡድን እንደሆኑ ይተርካል። ጽሑፉንም ሥዕሉንም የምሠራው እኔ ነኝ። ክፍያው አነስ ያለ ነው፤ ‹ስምሽ ይታወቅበታል› ብለውኛል። ጓደኞቼ ግን ‹ይሄ ማስታወቂያ እንጂ ኮሚክ አይደለም፣ ጊዜሽን አታቃጥይ› ይሉኛል። ልቀበል? ብቀበልስ አምስት ሰው በ24 ገጽ እንዴት ይገባል?»

ውድ እህቴ፣

መልሴን ከፊት ላስቀምጠው። ሥራውን ተቀበይ። ግን ሁለት ነገር ሳይጠራ እርሳስ እንዳታነሺ። አንዱ ፊልሙ ታሪኩን ከየት እንደሚጀምር ነው። ሌላው ውሉ ምን እንደሚል ነው።

ጓደኞችሽ ያሉት ግማሽ እውነት አለው። እንዲህ ዓይነት ኮሚክ የሚታተመው ለፊልሙ ተመልካች ለመጥራት ነው፤ ገንዘቡም የሚመጣው ከዚያው ነው። አንባቢው ግን ገጹን የሚገልጠው ታሪክ ፈልጎ ነው። ለማስታወቂያ ተብሎ ስለተሠራ ብቻ ታሪክ አይበላሽም። የሚበላሸው ሠሪው ራሱ «ማስታወቂያ እኮ ነው» ብሎ ሲንቀው ነው። ይህን ደጋግሜ አይቻለሁ።

ለሙያሽ ምን ይጠቅማል ካልሽ፣ አንድ ምሳሌ ልንገርሽ። ዓመቶቹን በፈረንጆቹ ነው የምጽፈው። በ2012 የመጀመሪያው «አቬንጀርስ» ፊልም ከመውጣቱ በፊት ማርቭል የተባለው የኮሚክ አሳታሚ «ፊውሪስ ቢግ ዊክ» የሚባል ኮሚክ አውጥቶ ነበር። ከሠሩት ጸሐፊዎች መካከል ክሪስቶፈር ዮስት እና ኤሪክ ፒርሰን አሉ። በ2017 «ቶር፦ ራግናሮክ» የሚባለው ፊልም ሲወጣ፣ በጸሐፊነት ከተጠቀሱት ሦስት ሰዎች ሁለቱ እነዚሁ ነበሩ። ኮሚኩ ብቻውን ለዚያ አበቃቸው አልልሽም። ፊልም ከሚሠሩ ሰዎች ጋር በአንድ ታሪክ ላይ መሥራት ግን ሰው ያስተዋውቃል፤ ሰው ደግሞ የሚያስታውሰው በሰዓቱ ያስረከበውን ነው።

ነገሩ በተቃራኒው አቅጣጫም ይሠራል። በ2014 «ጋርዲያንስ ኦፍ ዘ ጋላክሲ» ለሲኒማ ሲዘጋጅ፣ መቅድም የሚሆነውን ኮሚክ የጻፉት ዳን አብኔት እና አንዲ ላኒንግ ናቸው። ፊልሙ መነሻ ያደረገውን ቡድን በ2008 በኮሚክ ላይ ያሰባሰቡት እነሱው ነበሩ። ሥራው የሄደው ገጸ ባሕርያቱን ቀድሞ ወደሚያውቅ እጅ ነው። አንቺንም የጠሩሽ የልጆች መጽሐፍ ሥዕሎችሽን አይተው ነው ብዬ እገምታለሁ። ያንን ሥራ «ትንሽ ነገር» አትበይው።

አሁን ወደ ከባዱ ጥያቄሽ እንምጣ።

24 ገጽ ለአምስት ሲካፈል ለአንዱ አምስት ገጽ እንኳ አይሞላም። አንድ ገጽ ላይ ደግሞ በምቾት የሚገባው ከአራት እስከ ስድስት ፓነል፣ ማለትም በመስመር የተከበበ ነጠላ ሥዕል ነው። ስለዚህ ለአንድ ጀግና የሚደርሰው ሃያ ምናምን ሥዕል ነው። በዚያ ውስጥ ልጅነቱን፣ የደረሰበትን አደጋ፣ ኃይሉን ያገኘበትን ቀንና ቡድኑን የተቀላቀለበትን ምክንያት ልጨምቅ ካልሽ፣ የሚወጣው አምስት የሥራ ማመልከቻ ነው። ታሪክ አይሆንም። አብዛኛው ጀማሪ የሚሰናከለው እዚህ ላይ ነው፤ ለሁሉም እኩል ልስጥ ይልና ለማንም ሳይሰጥ ይቀራል።

መውጫው አንድ ዓይን መምረጥ ነው። ቅድም ያነሳሁት የ2012ቱ ኮሚክ ጀግኖቹን ከየልደታቸው አልጀመረም። ጀግኖቹን የሚሰበስበውን ኒክ ፊውሪንና ሺልድ የሚባለውን ድርጅቱን ተከትሎ ሄደ። በተለያዩ ፊልሞች ለየብቻ ያየናቸው ነገሮች ሁሉ በአንድ ሰሞን በሰውዬው ላይ ሲደራረቡ ያሳያል። ቡድኑን የምናየው ቡድኑን መሰብሰብ ባለበት ሰው ጭንቀት በኩል ነው። ያኔ ጀግኖቹ ቢበዙም ታሪኩ አንድ ይሆናል።

ሌላም አለ፤ ይሄኛውን እኔ በጣም ነው የምወደው። በ1961 ስታን ሊ እና ጃክ ከርቢ «ፋንታስቲክ ፎር» ቁጥር 1ን ሲሠሩ ከመነሻው አልተነሡም። መጀመሪያ ሰማይ ላይ የጥሪ ምልክት ይተኮሳል። የሚተኩሰው ከአራቱ አንዱ ነው፤ ሦስቱ ካሉበት ተነሥተው ወደ እሱ ይመጣሉ፤ ሲመጡም የእያንዳንዳቸውን ኃይል እናያለን። ወደ ጠፈር የወጡበትና ጨረር ያገኛቸው ታሪክ የሚነገረው ከዚያ በኋላ፣ ወደ ኋላ ተመልሶ ነው። አንባቢው «እነዚህ እነማን ናቸው?» ብሎ ራሱ ከጠየቀ በኋላ መልሱን ሰጡት። ሳይጠይቅ የተነገረው መነሻ ግን ወዲያው ይረሳል።

ስለ አምስቱ ጀግኖችሽ ዝርዝር አልጻፍሽልኝም፤ ስለዚህ አንድ ገጽ በምሳሌ ላሳይሽ። ሌሊት ነው፤ ድልድይ ላይ አውቶቡስ ተገልብጦ ግማሹ ወደ ገደሉ ተንጠልጥሏል። ፓነል 1 ይህን ከሩቅ ያሳያል። ፓነል 2 አንድ እጅ ብቻ ነው፤ የአውቶቡሱን ብረት ጨብጦ፣ ጣቶቹ ነጭ ሆነዋል። ፓነል 3 የእጁ ባለቤት የሆነችውን ሴት ፊት ያሳያል። ብቻዬን ነኝ ብላ ነበር፤ ዓይኗ ግን ወደ ጎን ሄዷል። ፓነል 4 የገጹን ግማሽ ይዟል፤ ቃል የለበትም። አምስት የማይተዋወቁ ሰዎች አውቶቡሱን ከአምስት ቦታ ይዘው እርስ በርስ ይተያያሉ። ማንም የማንንም ስም አያውቅም፤ የሚለቅ ግን የለም።

እዚህ ገጽ ላይ የማንም ታሪክ አልተነገረም። ቡድኑ ግን ተወልዷል። ከዚያ በኋላ ያሉትን ገጾች በሴትዮዋ ዓይን መሄድ ትችያለሽ። አራቱን የምናውቃቸው እሷ ባወቀቻቸው ልክ ይሆናል።

ልብ በይ፣ ይህ የሚሠራው ፊልሙ ራሱ መገናኘታቸውን የማያሳይ ከሆነ ነው። ለዚህ ነው ፊልሙ ከየት እንደሚጀምር ቀድመሽ ጠይቂ ያልኩሽ። ፊልሙ የሚመልሰውን ጥያቄ አትንኪ፤ ፊልሙ ጊዜ አጥቶ የሚያልፈውን ውሰጂ። የ2014ቱ የጋርዲያንስ መቅድም ቡድኑ ሲገናኝ አላሳየም፣ ምክንያቱም መገናኘታቸው የፊልሙ ታሪክ ነው። ከዚያ በፊት የነበራቸውን ኑሮ ነው የያዘው። ከሱፐርሂሮ ወጣ ብለሽ ደግሞ የ2009ኙን «ስታር ትሬክ፦ ካውንትዳውን» አንብቢ። ከ«ስታር ትሬክ» ፊልም በፊት በአራት ቁጥር የወጣ ኮሚክ ነው። ፊልሙ ላይ የክፉው የኔሮ ምክንያት በአጭሩ ይታለፋል፤ ኮሚኩ ሰፊ ቦታ ሰጠው። ፊልሙን ብቻ ያየ ሰው አልጎደለበትም፣ ኮሚኩን ያነበበው ግን ሰውዬው ምን እንዳጣ አውቆ ሲኒማ ይገባል።

ሌላው፣ 24ኛው ገጽ ላይ አንድ ነገር ይዘጋ። ትልቁ ጥያቄ ለፊልሙ ይቆይ፤ ትንሿን ግን አንቺ መልሺያት። ሴትዮዋ ትቀላቀላለች ወይስ ትሄዳለች? ይህ ብቻ ቢመለስ በቂ ነው። መጨረሻው «ቀሪውን በፊልሙ ይመልከቱ» ብቻ ከሆነ አንባቢው ይቀየማል፤ አይፈረድበትም።

ስለ ጊዜ አጭር ነገር ልበል። በትልልቆቹ አሳታሚዎች ዘንድ ጸሐፊው፣ በእርሳስ የሚሥለው፣ በኢንክ የሚያደምቀው፣ ቀለም የሚቀባውና ፊደል የሚያስገባው ብዙ ጊዜ የተለያዩ ሰዎች ናቸው። አንቺ አምስቱንም ነሽ። ዛሬ አንድ ገጽ ከእርሳስ እስከ ፊደል ጨርሰሽ ስንት ቀን እንደፈጀብሽ ቁጠሪ። ሦስት ቀን ከሆነ 24ቱ ገጽ 72 የሥራ ቀን ነው። ማስተካከያ ሳይጨመርበት ከሦስት ወር በላይ ማለት ነው። ክፍያውን በዚህ ወር ብዛት አካፍለሽ እዪው። ካላኖረሽ ገጽ ይቀንሱ ወይም ገንዘብ ይጨምሩ።

ውሉ ጋ ደረስን።

ከዚህ በፊት ያማከርኩት አንድ ወጣት ተመሳሳይ ሥራ ይዞ ነበር። 18 ገጽ ቀለም ቀብቶ ከጨረሰ በኋላ የፊልሙ ሰዎች የዋናውን ጀግና ልብስ ቀየሩ። ካባው ቀረ፣ የደረቱ ምልክትም ሌላ ሆነ። ጀግናው ያለበትን ፓነል ሁሉ እንደገና ሣለ፤ ለዚህ ግን አንድም ሳንቲም አልተከፈለውም። ውሉ ስለ ማስተካከያ የሚል ቃል አልነበረውማ። እስካሁን ሳስበው ያበሳጨኛል። ስለዚህ የመጨረሻውን የልብስና የገጽታ ንድፍ በጽሑፍ ሳይሰጡሽ ቀለም አትጀምሪ። ውሉ ላይም ስንት ዙር ማስተካከያ በክፍያው ውስጥ እንዳለ፣ ከዚያ በላይ ያለው በስንት እንደሚታሰብ ይጻፍ። የሚያጸድቀው ሰው አንድ ይሁን፣ በስንት ቀን እንደሚመልስልሽም ይወሰን። ሦስት ሰው ሦስት የተለያየ አስተያየት ከላከልሽ ሥራው አያልቅም።

ክፍያው በየደረጃው ይሁን። ስትፈርሚ ቀብድ፣ የሁሉም ገጽ ረቂቅ ሲጸድቅ ሌላ፣ ስታስረክቢ ቀሪው።

«ስምሽ ይታወቅበታል» ካሉሽ ሽፋኑ ላይ ይጻፉልሻ። ይህን በአፍ አትቀበይው፤ ውሉ ውስጥ ይግባ። ስም ቀላል ነገር አይደለም። የሱፐርማን ፈጣሪዎች ጄሪ ሲግል እና ጆ ሹስተር በ1938 የገጸ ባሕርዩን መብት በ130 ዶላር ነበር የሸጡት። ገጸ ባሕርዩ ዓለምን ሲዞር የእነሱ ስም ከሥራው ላይ ለብዙ ዓመት ጠፍቶ ኖረ። ስማቸው እንዲመለስና ዓመታዊ ጡረታ እንዲያገኙ ስምምነት የተደረሰው በ1975 ነው፣ ያውም ጉዳዩ አደባባይ ከወጣ በኋላ።

የአንቺ ሁኔታ ትንሽ ይለያል። አምስቱን ጀግኖች የፈጠሯቸው እነሱ ናቸው፤ የኮሚኩ የቅጂ መብትም ለእነሱ መሆኑ የተለመደ ነው። በዚህ አትጣዪ። ነገር ግን አንቺ አዲስ ገጸ ባሕርይ ብትፈጥሪስ? የሴትዮዋ ታናሽ ወንድም፣ የአውቶቡሱ ሹፌር፣ አንድ አዲስ ጠላት? ነገ ፊልም ላይ ወይም አሻንጉሊት ሆኖ ቢወጣ ስምሽ እንዲጠቀስና ድርሻ እንዲኖርሽ ከአሁኑ ጠይቂ። እምቢ ካሉ አዲስ ሰው አትፍጠሪላቸው፤ ባሉት አምስቱ ሥሪ።

ሚስጥር የመጠበቅ ውል ማስፈረማቸውም አይቀርም። ያ ማለት ፊልሙ እስኪወጣ ገጾቹን ለማንም ማሳየት አትችዪም። ከወጣ በኋላ በፖርትፎሊዮሽ (በሥራ ናሙናዎችሽ ስብስብ) ውስጥ ማስገባት እንደምትችዪ ይፈቀድልሽ። እስከዚያ የምታሳዪው እንዳታጪ፣ በራስሽ ገጸ ባሕርያት አንድ ባለ አራት ገጽ ታሪክ ጎን ለጎን ሥሪ። «የሰው ታሪክ ሠሪ ብቻ ነች» እንዳትባዪም እሱ ይጠብቅሻል።

የመጨረሻው ነገር የፊልሙ ቀን ነው። ፊልም ይዘገያል፤ አንዳንዴም ጭራሽ ይቀራል። ውሉ «ቀሪው ክፍያ ፊልሙ ሲወጣ» የሚል ከሆነ እንዳትፈርሚ። «ገጾቹ በተረከቡ በዚህን ያህል ቀን ውስጥ» ተብሎ ይስተካከል። ረቂቁን ሲሰጡሽ ላኪልኝ፤ መስመር በመስመር አብረን እናነበዋለን።