ለምትስሉ ልጆች፦ ስለ ወረቀቱ ላውራችሁ

ልጆቼ፣

አብዛኞቻችሁ ወረቀት ላይ አትስሉም። ታብሌት ላይ ትስላላችሁ፣ ቴሌግራም ላይ ትለቃላችሁ፣ እስከ ማታ ሺህ ሰው ያየዋል። ደስ ይለኛል። እኔ 34 ዓመት የመማሪያና የልጆች መጻሕፍት ሥዕል ሠርቻለሁ። ከዚያ ውስጥ 11ዱን ያሳለፍኩት ማተሚያ ቤት ውስጥ፣ ፊልምና ፕሌት (ሥዕሉ የሚታተምበትን የማሽን ሰሌዳ) ከሚያዘጋጁት ሰዎች ጎን ተቀምጬ ነው። ስለ እጃችሁ ልመክራችሁ አልመጣሁም። እጃችሁ ጎበዝ ነው፣ አይቼዋለሁ። ማውራት የፈለግሁት ስለ ወረቀት ነው። የምትፈርሙበትም፣ የሚታተምበትም ወረቀት።

ምሳሌዬን የማመጣው ከአሜሪካ የኮሚክስ፣ ማለትም በተከታታይ ሥዕል ታሪክ የሚተርኩ መጽሔቶች፣ ገበያ ነው፣ ከ1938 እስከ 1956 ካለው ጊዜ። ዓመቶቹ በፈረንጅ አቆጣጠር ናቸው። ለምን ከዚያ ድረስ ትሄዳለህ ትሉኝ ይሆናል። የእኛን ሥራ የሚያህል ሥራ ስለነበረ ነው። ርካሽ ወረቀት፣ የሚቸኩል አሳታሚ፣ ገና ልጅ የሆነ ሠዓሊ።

ሱፐርማንን ሁላችሁም ታውቁታላችሁ። የፈጠሩት ክሊቭላንድ የሚኖሩ ሁለት ወጣቶች ናቸው። ጄሪ ሲግል ጻፈው፣ ጆ ሹስተር ሣለው። ለዓመታት ይዘውት ሲዞሩ የሚቀበላቸው አጡ። በ1938 አንድ አሳታሚ 13 ገጹን በ130 ዶላር ገዛቸው። ለአንድ ገጽ 10 ዶላር መሆኑ ነው። ገንዘቡን ሲቀበሉ ሱፐርማንን ለዘለዓለም አሳልፈው የሚሰጡበትን ወረቀት ፈረሙ። መጽሔቱ የተሸጠው በ10 ሳንቲም ነበር። ብዙም ሳይቆይ ሱፐርማን ሬዲዮ ላይ ወጣ፣ የካርቱን ፊልም ተሠራለት፣ አሻንጉሊት ሆነ። ልጆቹ በራሳቸው ፈጠራ ላይ ቅጥር ሠራተኛ ሆነው ቀሩ። በ1947 ፍርድ ቤት ሄዱ። መብቱን አላገኙም፣ ጭራሽ ስማቸውም ከመጽሔቱ ላይ ተነሣ።

በ1975 ሹስተር ዓይኑ ደክሞ ነበር። ሲግል ቢሮ ውስጥ በጸሐፊነት ተቀጥሮ ይኖራል። ያኔ የሱፐርማን ትልቅ ፊልም ሊሠራ እየተዘጋጀ ነው። ሲግል አቤቱታውን ለጋዜጦች በተነ። ኒል አዳምስና ጄሪ ሮቢንሰን የሚባሉ ሠዓልያን ደግሞ አብረውት ቆመው ጮኹ። ድርጅቱ ለእያንዳንዳቸው በዓመት 20,000 ዶላር ሊከፍልና ስማቸውንም ሊመልስ ተስማማ። ከ37 ዓመት በኋላ ማለት ነው።

ይህን ታሪክ ሳነብ ልቤን የሚነካኝ በራሴ ስለደረሰ ነው። ሥራ በጀመርኩ በሦስተኛው ዓመት ለአንድ አሳታሚ የልጆች ተረት ሥዕሎች ሠራሁ። ብሩ ያስፈልገኝ ነበር። አንድ ገጽ ወረቀት ሰጡኝ፣ ቆሜ ፈረምኩ። ከስምንት ዓመት በኋላ ለልጄ ደብተር ልገዛ ሱቅ ገባሁ። ባለሱቁ ከመደርደሪያው አንድ ደርዘን አወረደልኝ። ሽፋኑ ላይ አህያዬ አለች። የግራ ጆሮዋን አጠፍ አድርጌ የሣልኳት፣ ጀርባዋ ላይ ጭድ የጫነች አህያ። ጭዱን ቆርጠው ጥለውታል። ስሜ የለም። ልጄ «አባዬ፣ ይቺ ያንተ አይደለችም እንዴ?» አለችኝ። ምን እንደመለስኩላት አላስታውስም። ደብተሩን ገዛሁላት። በማግስቱ አሳታሚው ጋ ሄድኩ። ያቺን አንድ ገጽ አውጥተው አሳዩኝ። ፊርማው የእኔ ነው። «ለማንኛውም አገልግሎት» ይላል። ያኔ ባነበው ኖሮ «ለዚህ መጽሐፍ ብቻ» ብለው እንዲያስተካክሉት እጠይቅ ነበር። የሁለት ደቂቃ ንባብ መተዌ ነው ያስበላኝ።

ሌላው ታሪክ የፊላደልፊያው ኦሪን ኢቫንስ ነው። ጥቁር አሜሪካዊ ነው፣ ልምድ ያለው ጋዜጠኛ። የሚሠራበት ጋዜጣ በ1947 ሲዘጋ ጓደኞቹን ሰብስቦ የራሱን ኮሚክስ አወጣ። ጸሐፊዎቹም ሠዓሊዎቹም ጥቁሮች የሆኑበት መጽሔት ነው። በዚያ ዘመን በኮሚክስ ውስጥ ጥቁር ሰው ቢገኝ ከንፈሩን አሳብጠው የሚሥሉት መሳቂያ ነበር። እሱ ግን ኤስ ሃርለም የሚባል መርማሪ ፖሊስ አመጣ። ላየን ማን የሚባል፣ የተባበሩት መንግሥታት ወደ ጎልድ ኮስት (የዛሬዋ ጋና) የላከው ሳይንቲስት አመጣ። አንዱን ገጸ ባሕርይ የሣለው የገዛ ወንድሙ ነው። 15 ሳንቲም ይሸጥ ነበር።

ሁለተኛው እትም ተሠርቶ ነበር። ለገበያ ግን አልወጣም። ወረቀት የሚሸጥለት አጣ። የጋዜጣ ወረቀት ነጋዴዎቹ በር ዘጉበት። ኢቫንስም ወደ ጋዜጠኝነቱ ተመለሰ።

ማተሚያ ቤት ያልሠራ ሰው ይህን ታሪክ ሲሰማ «አሳዛኝ ነው» ብሎ ያልፋል። እኔ ወረቀት ጠፍቶ ማሽን የቆመበትን ቀን አውቀዋለሁ። ፕሌቱ ተሠርቷል፣ ቀለሙ ገብቷል፣ ሠራተኛው ቱታውን ለብሶ ቆሟል። ጥቅል ወረቀቱ ግን የለም። ያን ቀን የማንም ሠዓሊ ችሎታ ምንም አይፈይድም። ስለዚህ የምትስሉበትን ብቻ ሳይሆን ሥዕላችሁ በማን መንገድ ወደ ሰው እንደሚደርስ ዕወቁ። ገጻችሁን ነገ ቢዘጉባችሁ ምን ይቀራችኋል? የአንባቢዎቻችሁ አድራሻ እጃችሁ ላይ አለ? ዋናው ፋይል ያለው የት ነው?

መቼም ካነሳሁ አይቀር፣ በዚያው ዘመን የጥቁሮቹ ጋዜጣ ፒትስበርግ ኩሪየር የራሱ ማተሚያና የራሱ አንባቢ ስለነበረው ጃኪ ኦርምስ የምትባል ሴት ሠዓሊ ከ1945 እስከ 1956 ሥራዋን ያለማንም ከልካይ አወጣችበት። ጣሊያን በወረረን ጊዜ ጄ. ኤ. ሮጀርስን ወደ ኢትዮጵያ ልኮ ጦርነቱን ያስዘገበውም ይኸው ጋዜጣ ነው። ሮጀርስ የጥቁሮችን ታሪክ በሥዕል የሚያስተምር ዓምድም ነበረው። ፈልጋችሁ እዩት።

አሁን በጣም የምወደውን ልንገራችሁ።

ዊልያም ጌይንስ ኬሚስትሪ መምህር ሊሆን ነበር የሚማረው። በ1947 አባቱ በጀልባ አደጋ ሲሞቱ ኢሲ የሚባለው የኮሚክስ ድርጅታቸው እሱ ላይ ወደቀ። ድርጅቱ የሚታወቀው በአስፈሪ ታሪኮች ነው። እኔ ጌይንስን የማደንቀው ግን በሌላ ነገር ነው። በዚያን ጊዜ ኮሚክስ የሚሠራው በቅብብል ነበር። አንዱ ይጽፋል፣ አንዱ በእርሳስ ይሥላል፣ አንዱ በቀለም ያደምቃል፣ አንዱ ፊደል ይጽፋል። ዋናው ሥዕል ለሠዓሊው አይመለስም፣ ብዙው ተቀዶ ተጥሏል። ጌይንስ ግን ሠዓሊዎቹ በሥራቸው ላይ እንዲፈርሙ አደረገ። የሕይወት ታሪካቸውን መጽሔቱ ላይ አወጣ። ዋናዎቹን ሥዕሎችም ሳይጥል አስቀመጠ።

በ1953 «የፍርድ ቀን» የሚል አጭር ታሪክ አወጡ። አል ፌልድስታይን ጻፈው፣ ጆ ኦርላንዶ ሣለው። ከመሬት የተላከ ጠፈርተኛ ሮቦቶች ወደሚኖሩበት ፕላኔት ይሄዳል። ብርቱካንማና ሰማያዊ ሮቦቶች አሉ። ፋብሪካውን ሲያሳዩት ሁሉም ውስጣቸው አንድ ነው፣ የሚለየው የላዩ ቆርቆሮ ብቻ ነው። ሰማያዊዎቹ ግን በተለየ ሰፈር ይኖራሉ፣ አውቶቡስ ላይ ከኋላ ይቀመጣሉ። ጠፈርተኛው «ገና አልደረሳችሁም» ብሏቸው ይመለሳል። እስከዚያ ድረስ ፊቱን አናየውም፣ ሄልሜት አድርጓል። መጨረሻው ሥዕል ላይ ሮኬቱ ውስጥ ሄልሜቱን ያወልቃል። ጥቁር ሰው ነው። ፊቱ ላይ ያለው ላብ እንደ ሩቅ ከዋክብት ያበራል።

በ1954 ነገሩ ተለወጠ። ፍሬድሪክ ወርታም የሚባል የአእምሮ ሐኪም ኮሚክስ ልጆችን ያበላሻል የሚል መጽሐፍ አሳተመ። ክፉ ሰው እንዳይመስላችሁ። ኒው ዮርክ ባለው የጥቁሮች ሰፈር ሃርለም ውስጥ ለድሆች ጥቁሮች ክሊኒክ የከፈተ፣ ልጆችን በቀለም የሚለይ ትምህርት ቤት እንደሚጎዳቸው ፍርድ ቤት ቀርቦ የመሰከረ ሰው ነው። ከብዙ ዓመታት በኋላ ግን ማስታወሻዎቹ ሲመረመሩ የልጆቹን ቃል በየቦታው እንደቀየረው ታወቀ። ለልጆች ማሰቡ እውነት ነበር። ማስረጃውን መቀየሩም እውነት ነው።

በዚያው ዓመት ሚያዝያ የአሜሪካ ሴኔት ኮሚቴ ኒው ዮርክ ላይ ጌይንስን ጠየቀው። ሴናተር ኪፎቨር አንድ ሽፋን አንሥተው አሳዩ። መጥረቢያ የያዘ ሰው የሴት ጭንቅላት አንጠልጥሏል። ይህ ያምራል ወይ አሉት። ለአስፈሪ ኮሚክስ አዎ፣ አለ። እውነቱን ልንገራችሁ፣ ያንን ሽፋን እኔ አልሥለውም፣ ለልጅም አላሳየውም። በዚህ ከሴናተሩ ጋር ነኝ።

ቀጥሎ የመጣው ግን ከአስፈሪ ሽፋን አልፎ ሄደ። አሳታሚዎቹ ራሳቸው ደንብ አወጡ፣ ተቆጣጣሪ ሾሙ። ደንቡን ያለፈ መጽሔት ሽፋኑ ጥግ ላይ የፖስታ ቴምብር የምታህል ምልክት ይለጠፍበታል። መንግሥት ያወጣው ሕግ አልነበረም። ነገር ግን አከፋፋዮቹ ምልክት የሌለውን አንይዝም አሉ። የጌይንስ መጽሔቶች እስራቸው ሳይፈታ ይመለሱለት ጀመር። አስፈሪዎቹን ዘጋ። አዳዲስ ጀመረ። ደንቡንም ተቀበለ።

አንድ ቀን ተቆጣጣሪዎቹ አንድ ታሪክ አይታተምም ብለው መለሱበት። በቦታው «የፍርድ ቀን»ን መልሶ ሊያትም ላከ። የተቆጣጣሪዎቹ አለቃ ዳኛ ቻርልስ መርፊ ጠፈርተኛው ጥቁር መሆን አይችልም አሉ። ፌልድስታይን የታሪኩ ነጥብ እኮ ይኸው ነው አላቸው። ጌይንስ ጉዳዩን ለሕዝብ አወጣዋለሁ ብሎ ሲነሣባቸው ዳኛው ትንሽ ለቀቅ አሉ። እሺ፣ ላቡን አጥፉት አሉ።

እዚህ ላይ እንደ ሠዓሊ አስቡ። ጥቁር ፊት በጋዜጣ ወረቀት ላይ ስታትሙ ወረቀቱ ቀለሙን ይጠጣል፣ መስመሮቹ ይዋዋጣሉ። ፊቱን ፊት የሚያደርጉት እነዚያ ሳይቀቡ የቀሩ ነጭ ነጠብጣቦች ናቸው። ላቡን ብታነሡት የሚቀረው ጥላ ነው። ደግሞም ላብ ያለው ሰው ነው፤ ሮቦት አያልበውም።

ጌይንስና ፌልድስታይን እንቢ አሉ። በስድብ ጭምር። ታሪኩ ላቡ እንዳለ በ1956 የመጀመሪያ ቁጥር ላይ ወጣ። የኢሲ የመጨረሻው ኮሚክስ ያ ሆነ። ብዙም ሳይቆይ ለጌይንስ የቀረው ማድ የተባለው የቀልድ መጽሔት ብቻ ነው። እሱም ቀድሞ ከኮሚክስ ወደ ተራ መጽሔት ተቀይሮ ከደንቡ ወጥቶ ነበር።

ልብ በሉ፣ ጌይንስ ለሁሉም ነገር እንቢ አላለም። ሲዘጋ፣ ሲቀይር፣ ሲደራደር ቆይቶ ነው ላቡ ላይ የቆመው። እናንተም ደንበኛ ኮፍያውን ቀይር፣ ሰማዩን አድምቅ ሲላችሁ ቀይሩ። ሥራ ነው። እኔን እረኛውን ልጅ ጫማ አልብሰው ብለውኝ አልብሻለሁ። ግን አንድ ጊዜ የሒሳብ መጽሐፍ ላይ ሰሌዳ ፊት ቆማ የምትሠራዋን ልጅ ወንድ አድርጋት ተባልኩ። ሥዕሉን የሣልኩት ለእሷ ብዬ ነበር። ቀሚሷን አጥፍቼ ሱሪ አደረግሁበት። ሃያ ደቂቃ አልፈጀብኝም። እስከ ዛሬ ይቆጨኛል። እንቢ ብል ያቺን አንድ ሥራ ነበር የማጣው።

ስለ ፊርማው ደግሞ ሕግ አላችሁ። የቅጅና ተዛማጅ መብቶች ጥበቃ አዋጅ ቁጥር 410/1996ን (ይህ ዓመት በእኛ አቆጣጠር ነው) አውርዳችሁ አንብቡት። በሥራችሁ ላይ ስማችሁ እንዲጠቀስ የመጠየቅ መብት እንዳላችሁ ይናገራል። ተቀጥራችሁ የሠራችሁትና በግላችሁ የሠራችሁት በሕጉ እኩል እንደማይታዩ አስተውሉ።

ባለፈው ወር አንዲት ልጅ አራት ገጽ ውል ይዛ ቤቴ መጣች። የልጆች መጽሐፍ ልትሥል ነው። ቡና እየጠጣን አብረን አነበብነው። ሦስተኛው ገጽ ላይ አገኘናት፣ «ለማንኛውም አገልግሎት፣ ላልተወሰነ ጊዜ»። በእርሳስ አሰመረችባት። እዚያው ስልክ ደወለች። እጇ ይንቀጠቀጥ ነበር። ለዚህ መጽሐፍ ብቻ እንዲሆን፣ ድጋሚ ሲታተም እንዲከፈላት፣ ስሟም ሽፋኑ ላይ እንዲወጣ ጠየቀች። ሰውየው ትንሽ ዝም አለ። ከዚያ «ችግር የለውም፣ እስከ ዛሬ ጠይቆን የሚያውቅ ስለሌለ ነው» አላት።

የተስተካከለው ውል ሐሙስ ዕለት ደረሳት። ዓርብ መሥራት ጀመረች።