ያገለገለ የብስክሌት ባትሪ፣ የዩኤን 38.3 ወረቀት ይዞ ሲመጣ

ወንድሜ፣ ጥያቄህን አይቼ ዝም ማለት አልቻልኩም። ባሕር ዳር ላይ ለኤሌክትሪክ ብስክሌትህ ያገለገለ 48 ቮልት ባትሪ ልትገዛ ነው። ሻጩ ሴሎቹ (ውስጡ ያሉት ትንንሽ ባትሪዎች) ተቀይረዋል፣ ዩኤን 38.3 አልፏል ብሎ ወረቀት አሳይቶሃል። ማታ ቤት ውስጥ ቻርጅ ባደርገውስ ነው ያልከው። እኔ ደብረ ማርቆስ ጥገና ላይ ነኝ፣ ስምንት ዓመት ሆነኝ። በዚያ ወረቀት ብቻ አትግዛ።

ዩኤን 38.3 የማጓጓዣ ፈተና ነው። ባትሪው አውሮፕላን ወይም መርከብ ላይ እንዳይቀጣጠል ነው የሚፈተነው። 72 ዲግሪ ሙቀት ውስጥ ስድስት ሰዓት ያቆዩትና ከግማሽ ሰዓት ባልበለጠ ጊዜ ከዜሮ በታች 40 ዲግሪ ውስጥ ይከቱታል፣ ይህን አሥር ጊዜ ይደጋግሙታል። ያንቀጠቅጡታል፣ ሾርት ያደርጉታል። ቀላል ፈተና አይደለም። ግን የተፈተነው የፋብሪካው ናሙና ነው። ለአጠቃቀም የምትጠይቀው አይኢሲ 62133 ወይም ዩኤል 2271 የሚባለውን የደህንነት ፈተና ወረቀት ነው፤ የሞዴል ቁጥሩም ባትሪው ላይ ካለው ጋር አንድ ይሁን። ደግሞ ሴሉ ከተቀየረ ወረቀቱ የሌላ ባትሪ ወረቀት ሆነ ማለት ነው። ሻጩ ራሱ ነግሮሃል እኮ!

ባለፈው ክረምት አንድ ደንበኛ ልክ እንዲህ ያለ ባትሪ አመጣልኝ፣ ቶሎ ያልቃል ብሎ። ስከፍተው 18650 የሚባሉት ክብ ረዘም ያሉ ሴሎች ናቸው፣ ላያቸው ላይ የሚይዙት ኃይል 9900 ሚሊአምፒር ሰዓት ነው ይላል። እንዲህ የሚባል 18650 የለም፤ ጥሩ የሚባለው 3500 አካባቢ ነው። ጎረቤቴ ወርቅ ሠሪ ነው፣ ሚዛኑን ተዋስኩት። ደህናው ሴል 45 ግራም ገደማ ይመዝናል፤ አራቱ እያንዳንዳቸው 29 ግራም ወጡ። የቀሩት ክብደታቸው ደህና ነበር፣ ግን ላስቲካቸውን ስልጠው ጫፋቸው ላይ የድሮ ብየዳ ጠባሳ አለ፣ ከሌላ ባትሪ የተነቀሉ ናቸው ማለት ነው።

እኔን ያስደነገጠኝ ግን እሱ አይደለም። 48 ቮልት ባትሪ ብዙውን ጊዜ ተከታትለው የተያያዙ 13 የሴል ረድፎች ነው፣ እያንዳንዱ ረድፍ 4.2 ቮልት ላይ ይሞላል፣ ጠቅላላው 54.6 ይሆናል። ቻርጀሩ የሚያየው ጠቅላላውን ብቻ ነው። ረድፉን አንድ በአንድ የሚጠብቀው ቢኤምኤስ የሚባለው ቦርድ ነው። የዚያ ባትሪ ቦርድ ሥራውን እንዳይሠራ በሽቦ ታልፏል፣ ምናልባት ኃይሉን ቶሎ ቶሎ እየቆረጠ ስላስቸገረ። አንዱ ረድፍ 4.31 ደርሷል፣ ሌሎቹ ከ4.2 በታች ናቸው፣ ድምሩ ሲለካ ግን ምንም ችግር የለበትም። ከልክ በላይ የተሞላ ሴል ውስጥ ሊቲየሙ እንደ መርፌ እየሾለ ይበቅላል፣ መሀል ያለውን ስስ ላስቲክ ከበሳ ውስጡ ሾርት ይሆናል። ከዚያ ሙቀቱ ራሱን እያባባሰ ይሄዳል፣ ቻርጀሩን ብትነቅለውም አይቆምም። ሰውየው ይህን ባትሪ ልጆቹ የሚተኙበት ክፍል ውስጥ ነበር ቻርጅ የሚያደርገው።

ስለዚህ ከመክፈልህ በፊት ክፈትልኝ በለው። መልቲሜትር ይዘህ ሂድ፣ 13ቱንም ረድፍ ለካ። ልዩነታቸው ከ0.05 ቮልት ከበለጠ ወይም አንዱ ከ2.5 በታች ከወረደ ተወው። የተነፋ ወይም እንደ ጥፍር ቀለም ማስለቀቂያ የሚሸት ካለ በእጅህም አትንካው። አልከፍትም ካለህ ደግሞ ሌላ ሻጭ ፈልግ። ደህና ሆኖ ከገዛኸውም መኝታ ክፍልና መውጫ በር ላይ ቻርጅ አታድርገው፣ ተኝተህም አትተወው። ሲከፈት ፎቶ አንስተህ እዚሁ ለጥፈው፣ ቦርዱን አይልሃለሁ።