ስለ ሽፋሽፍት ኤክስቴንሽን የፈለጋችሁትን ጠይቁኝ

ሽፋሽፍት መቀጠል፣ ማለትም በራስ ሽፋሽፍት ላይ ሰው ሠራሽ ፍሬ በሙጫ ማያያዝ፣ ሥራዬ ነው። በውስጥ መስመር የሚመጣልኝ ጥያቄ ስለበዛ ዛሬ ሁላችሁም እዚሁ ጠይቁኝ ብያለሁ። የማውቀውን እመልሳለሁ። ሐኪም ግን አይደለሁም። ዓይኑን ያመመውን ሰው ወደ ሐኪም ነው የምልከው፣ እንዳትቀየሙኝ።

ጥያቄ፦ ካሠራሁ በኋላ «ውሃ እንዳታስነኪው» ተባልኩ። እስከ መቼ ነው?

መልስ፦ ይቺ ምክር በግማሹ ብቻ ተሰምታ ስንቱን ዓይን አስቆጥታለች! ውሃ የማይነካው መጀመሪያ ላይ ብቻ ነው። ሙጫው ሳያኖአክሪሌት ይባላል፣ የሚደርቀውም በአየር ውስጥ ባለው እርጥበት ነው። በደንብ ሳይደርቅ ብዙ ውሃ ካገኘው ይነጣና ይሰባበራል። ስለዚህ እንደ ሙጫው ዓይነት ከጥቂት ሰዓታት እስከ 24 ሰዓት ትጠብቂያለሽ፤ የሠራችልሽ ልጅ የምትጠቀመውን ሙጫ ስለምታውቅ እሷን ጠይቂያት።

ከዚያ በኋላ ግን በየቀኑ መታጠብ አለበት። አዎ፣ በየቀኑ። «ይረግፍብኛል» ብላችሁ ስትፈሩት የቆዳ ወዝ፣ ላብና የሜካፕ ትራፊ ሥሩ ላይ ይጠራቀማል፣ ባክቴሪያ ይራባበታል፣ ዴሞዴክስ የምትባለው በዓይን የማትታይ ተባይም ትመቻታለች፣ ከዚያ የዓይን ቆባችሁ ጠርዝ ይቀላል፣ ያሳክካል፣ ጠዋት ስትነሱ ዓይናችሁ በዓይናር ይጣበቃል። ሐኪሞች ብሌፋራይተስ ይሉታል። ወዙ ደግሞ ሙጫውንም አይምረውም፤ ያልታጠበ ሽፋሽፍት ነው ቶሎ የሚረግፈው።

ጥያቄ፦ በምን ልጠበው? የሕፃን ሻምፖ ይሆናል?

መልስ፦ ለሽፋሽፍት ተብሎ የተሠራ፣ ዘይት የሌለው አረፋ ማጽጃ አለ፤ እሱ ይሻላል። የሕፃን ሻምፖ ድሮ ሁላችንም እንመክረው ነበር፣ ግን ሽቶና ሌላ ሌላም ነገር ስላለው ዓይን የሚያደርቅባቸው ሰዎች አሉ። ዓይንሽን ጨፍነሽ አረፋውን በለስላሳ ብሩሽ ከሥሩ ወደ ጫፉ ቀስ እያልሽ አሺው፣ በብዙ ውሃ አለቅልቂው፣ ሲደርቅ በንጹሕ ማበጠሪያ አበጥሪው። በጥጥ አትንኪው፤ ክሩ ይያዝና ሲጎተት አብሮ ይነቅላል። ፎጣም አታሺበት።

ጥያቄ፦ በነጋታው ቆቤ አብጦ ዓይኔ አልከፈት አለ። ሦስት ቀን ቆይቶ ለቀቀኝ። ሌላ ባለሙያ ጋ ሄጄ ብሞክር ምን ይመስልሻል?

መልስ፦ እህቴ፣ አትሞክሪ። እዚህ ላይ ትንሽ ልቆይ።

ሁለት ነገር አለ። አንዱ መቆጥቆጥ ነው። እየተሠራልሽ ዓይንሽ ትንሽ ተከፍቶ የሙጫው ትነት ገብቶበት፣ ወይም ከታች የሚለጠፈው ፓድ ዓይንሽን ነክቶት ይቀላል፣ ያለቅሳል፣ አብዛኛውን ጊዜ በዚያው ቀን ወይም በነጋታው ይበርዳል። ሁለተኛው አለርጂ ነው። እሱ ሰዓታት ቆይቶ፣ አንዳንዴም ከአንድ ሁለት ቀን በኋላ ይመጣል፤ ሁለቱም ቆቦች ያብጣሉ፣ ማሳከኩ እንቅልፍ ይነሳል። አንቺ የነገርሽኝ አለርጂ ይመስላል፣ ሐኪም ያረጋግጥልሽ። የአለርጂ ክፋቱ ደግሞ ሰውነት አይረሳም፤ በሚቀጥለው ፈጥኖና ብሶ ነው የሚመጣው። ለዓመታት ሲሠሩ ምንም ሳይሆኑ ቆይተው ድንገት የሚጀምራቸውም አሉ።

ባለሙያ መቀየሩ አይጠቅምሽም፣ ምክንያቱም ሁላችንም የምንጠቀመው ሙጫ ከሞላ ጎደል ያው ሳያኖአክሪሌት ነው። «ሴንሲቲቭ» የሚባለው ትነቱ ይቀንሳል እንጂ ቤተሰቡ ያው ነው። ቀድሞ የአለርጂ ኪኒን ውጦ መምጣት የሚባል ነገር አለ፤ እባካችሁ ተዉት፣ ምልክቱን ነው የሚሸፍነው። ገና ላልጀመራችሁ ደግሞ፦ ጥቂት ፍሬ ብቻ አስቀጥላችሁ ከ24 እስከ 48 ሰዓት ጠብቁ። መቶ በመቶ ዋስትና አይደለም፣ ግን ሙሉውን አሠርቶ ከማበጥ ይሻላል።

ጥያቄ፦ ረጅምና ወፍራም አድርጊልኝ ብላት እምቢ አለችኝ። ገንዘቡን የምከፍለው እኔ አይደለሁም እንዴ?

መልስ፦ እሷን ልጅ እንዳትለቂያት! የራስሽ ሽፋሽፍት ርዝመት አብዛኛውን ጊዜ 10 ሚሊ ሜትር አካባቢ ነው። ከዚያ ላይ ሁለት ሦስት ሚሊ ሜትር ብትጨምርበት ይሸከማል። አንድ ለአንድ ለሚቀጠለው 0.15 ሚሊ ሜትር ውፍረት የተለመደ ነው፤ ብዙ ፍሬ ባንድ ላይ የሚደረግበት ቮልዩም ከሆነ ደግሞ ከ0.03 እስከ 0.07 ያለው ቀጭኑ ነው። ከአቅም በላይ ከጫንሽበት ሥሩ ዘወትር ይጎተታል፣ ቀስ በቀስ ይሳሳል፣ መጎተቱ ሲደጋገም ደግሞ ጭራሽ የማይበቅልበት ቦታ ሊኖር ይችላል።

ሌላም ነገር ልንገርሽ፣ እኔ በጣም የምወደው። በ2015 እ.ኤ.አ. ጆርጂያ ቴክ በተባለው የአሜሪካ ዩኒቨርሲቲ ውስጥ ተመራማሪዎች የ22 አጥቢ እንስሳትን ሽፋሽፍት ለክተው ነበር። የብዙዎቹ ርዝመት የዓይናቸውን ስፋት አንድ ሦስተኛ ያህል ሆኖ ተገኘ። በዚያ ልክ ሲሆን ወደ ዓይን የሚገባውን ነፋስና አቧራ ይቀንሳል፤ ከዚያ ሲረዝም ግን ነፋሱን ራሱ ወደ ዓይን ይመራዋል። በጣም ረጅም አሠርታችሁ «ዓይኔን ደረቀኝ» የምትሉኝ ልጆች፣ ይሄንንም አስቡበት።

ጥያቄ፦ በሁለት ሳምንት ግማሹ ረገፈ። ተጭበርብሬ ነው?

መልስ፦ የግድ አይደለም። የራሳችን ሽፋሽፍት በተፈጥሮው በቀን ከአንድ እስከ አምስት ፍሬ ይረግፋል፣ የተቀጠለውም አብሮት ይሄዳል። ሁለት ሦስት ሳምንት ላይ ሪፊል የሚባለው፣ የረገፈውን መተካቱ፣ ለዚሁ ነው። የረገፈውን አንስተሽ እዪው፦ የራስሽ ፀጉር አብሮት ካለ ዕድሜውን ጨርሶ ነው፣ ጫፉ ላይ ነጭ ነጥብ ብታዪም አትደንግጪ። ባዶውን ከሆነ የወደቀው ግን ሙጫው አልያዘም ማለት ነው። በመጀመሪያዎቹ ሁለት ሦስት ቀናት ባዶ ባዶውን ከረገፈብሽ ተመልሰሽ ንገሪያት፤ ደህና ባለሙያ ታስተካክልልሻለች።

ጥያቄ፦ ማስካራና ኩልስ?

መልስ፦ ውሃ የማያስለቅቀው ማስካራ አይሆንም፣ ለማስለቀቅ ዘይት ይፈልጋል፣ ማሸትም ይበዛበታል። ኩል ደግሞ ብናኙ ሥሩ ውስጥ ገብቶ አይወጣም። እውነቱን ለመናገር፣ ማስካራ የሚያስፈልገው ከሆነ ለምን አስቀጠልሽው?

ጥያቄ፦ ባለቤቴ ራሷ በጣቷ ትነቅለዋለች። ምን ልበላት?

መልስ፦ ወንድሜ፣ እጇን ያዝልኝ! ስትነቅለው የራሷም አብሮ ነው የሚወጣው። ማስለቀቂያ ጄል ወይም ክሬም አለ፣ ባለሙያ ዓይኗን አስጨፍና ቀብታ ሙጫውን አሟሙታ ታነሳላታለች። እሱም ቢሆን ዓይን ውስጥ ከገባ ስለሚያቃጥል ቤት ውስጥ ለብቻዋ ባትሞክረው ይሻላል። ጊዜ ካጣች ደግሞ ትተወው፣ ከሽፋሽፍቷ ጋር በራሱ ይወርዳል።

ሙጫ ዓይን ውስጥ ቢገባ ወዲያው ለ15 ደቂቃ ያህል በንጹሕ ውሃ ታጥቦ ወደ ሐኪም ነው። ቆቡ ቢጣበቅ በጉልበት አትክፈቱት።

ጥያቄ፦ የማብቀያ ሴረም እና የጉሎ ዘይት ይሠራሉ?

መልስ፦ ጉሎ ዘይት ፀጉሩን ያለሰልሳል፣ እንደሚያበቅል ግን ማስረጃ የለም። ሴረም እንደ ውስጡ ነው። ባይማቶፕሮስት የተባለው መድኃኒት በእርግጥ ያሳድጋል፤ መጀመሪያ ግላኮማ ለሚባለው የዓይን በሽታ የሚሰጥ ጠብታ ነበር፣ በ2008 እ.ኤ.አ. መጨረሻ በአሜሪካ ለሽፋሽፍት ተፈቀደ። ሙሉ ውጤቱ 16 ሳምንት ያህል ይፈጃል፣ ሲቆም ደግሞ ወደ ነበረበት ይመለሳል። ቆብ ሊያጠቁር፣ ዓይን ሊያቀላ፣ በዓይን ዙሪያ ያለውን ስብ ሊያሳሳ ይችላል። የብሌንን ዙሪያ ቀለም ከቀየረ ደግሞ ሳይመለስ ሊቀር ይችላል። በሐኪም እንጂ በጓደኛ ምክር አይጀመርም።

ጥያቄ፦ ባለሙያ ስመርጥ ምን ልይ?

መልስ፦ ሳትነካሽ በፊት ስለ አለርጂ፣ ስለ ዓይን ሕመም፣ ስለ ኦፕራሲዮን ትጠይቅሻለች ወይ? (ኮንታክት ሌንስ ካለሽ አውጥተሽ ነው የምትተኚው፤ ዓይንሽ ከቀላ ወይም ብጉንጅ ከያዘ ቀጠሮው ይራዘም፣ በቅርቡ የዓይን ኦፕራሲዮን ካደረግሽ ደግሞ ሐኪምሽ ይፍቀድ።) እጇን ትታጠባለች? ወረንጦዋ በጀርም ማጥፊያ ጸድቷል? ሥራው እስኪያልቅ ዓይንሽ ተጨፍኖ መቆየት አለበት። ከተቃጠልሽ ዝም ብለሽ አትቻይ፣ ወዲያው ንገሪያት። ሲያልቅ ማበጠሪያውን አሳልፊበት። ሳይያዝ ማለፍ አለበት። ሁለት ሦስት የራስሽ ፍሬ ባንድ ሙጫ ከተጣበቀ አንዱ ሲያድግ ሌላውን ስለሚጎትት ያምሻል። ቆዳሽ ላይም ሙጫ መድረስ የለበትም፤ ከሥሩ ግማሽ ሚሊ ሜትር ወይም አንድ ሚሊ ሜትር ያህል ተርቆ ነው የሚቀጠለው።

ጥያቄ፦ በሆዴ ነው የምተኛው፣ ለውጥ አለው?

መልስ፦ አለው። ትራሱ ያንኑ ጎን እያሸ ያራግፈዋል። በጀርባሽ ብትተኚ ጥሩ ነበር፤ ካልሆነልሽ የሐር ወይም የሳቲን ትራስ ልብስ ይቀንሰዋል። ያም ካልሆነ አጠር አድርገሽ አሠሪ።