ዲተንሽን እስራት አይደለም

እህቴ፣ ኮምቦልቻ ውስጥ አስመጪ ድርጅት መቀጠርሽን፣ በጭነት ሰነዶች ላይ ያሉት እንግዳ የእንግሊዝኛ ቃላት እንዳስቸገሩሽና የትኛው መዝገበ ቃላት እንደሚሻል ጠይቀሻል። እኔም የጀመርኩት እንዳንቺው ነው።

1. መዝገበ ቃላት አትግዢ። ደሴ ፒያሳ የገዛሁት ወፍራም መጽሐፍ «ዲተንሽን» የሚለውን ቃል «እስራት» ብሎ ተርጉሞልኝ ነው ጉድ የሠራኝ።

2. ዲመሬጅንና ዲተንሽንን ለዪ። ዲመሬጅ ዕቃ የያዘ ኮንቴይነር ከነፃ ቀኑ፣ ማለትም ሳይከፈልበት እንዲቆይ ከተፈቀደለት ጊዜ፣ በላይ ወደብ ውስጥ ሲቆይ የሚከፈል ነው። ዲተንሽን ግን ኮንቴይነሩ ከወደብ ከወጣ በኋላ ባዶውን በጊዜው ሳትመልሺ ስትቀሪ የሚመጣ ዕዳ ነው። እኔ ዕቃችን ከጅቡቲ ወጥቶ ኮምቦልቻ ሲደርስ ተገላገልን አልኩ። ባዶው ኮንቴይነር መጋዘናችን ግቢ ቆሞ ቀረ፤ ዘበኛው ዝናብ ሲመጣ ይጠለልበት ነበር። ሂሳቡ በየቀኑ ተቆጥሮ፣ ያውም በዶላር፣ መጣ። ለመጠየቅ ሂሳቡን ወደላከው ቢሮ ብሄድ በመስኮቱ ያለችው ሠራተኛ ቀና ብላ እንኳ ሳታየኝ «ማንበብ ካልቻላችሁ ለምን ትፈርማላችሁ?» አለችኝ፤ ያውም ወረፋ በያዘው ሰው ሁሉ ፊት። ቃሉ በፈረምኩት ወረቀት ላይ ሦስት ጊዜ ተጽፏል፤ እስራት እኛን ምን አገባን ብዬ አልፌው ነበር። የዕዳው ግማሽ ከደመወዜ ተቆረጠ። ጥፋቱ የእኔ ነው፤ አነጋገሯ ግን እስከ ዛሬ ይቆረቁረኛል፤ ለጠየቀ ሰው ማስረዳት ሥራዋ ነበር።

3. ደብተር ያዢ፤ ቃሉን ካገኘሽበት ዓረፍተ ነገር ጋር ጻፊው። «አቨሬጅ» በባሕር መድን ውስጥ አማካይ ሳይሆን ጉዳት ነው፤ ጄኔራል አቨሬጅ ከታወጀ መርከቡን ከአደጋ ለማዳን ሆን ተብሎ የተጣለውን ዕቃ ኪሳራ ባለንብረቶች ሁሉ ይካፈሉታል፤ ያንቺ ዕቃ ምንም ባይነካም ትከፍያለሽ። «ቴር» ደግሞ በኮንቴይነሩ በር ላይ በቀለም ተጽፎ ታገኚዋለሽ፤ የባዶው ክብደት ነው፤ የ20 ጫማው ከ2,000 ኪሎ ግራም ከፍ ይላል። ይህንን ያስረዱኝ መድረሳ የተማሩት አጎቴ ናቸው፤ «ጠረሐ በዐረብኛ ጣለ ነው፤ ከሚዛን የሚጣለው ማለት ይሆናል» አሉኝ። እውነትም እንግሊዝኛው ከዐረብኛ የተወረሰ ነው።

ያን ደብተር ዛሬ ነባር ትራንዚተሮች (የጉምሩክ ጉዳይ አስፈጻሚዎች) ሳይቀሩ ይዋሱኛል። ገጾቹን ፎቶ አንስቼ እልክልሻለሁ። አንቺ ግን እስከዚያው ጠረጴዛሽ ላይ ያለውን ሰነድ አውጪና ነፃ ቀኑ ስንት እንደሆነ፣ ከየትኛው ቀን እንደሚቆጠር ተመልከቺ።